የገዳዩ ልብና የሟች ደም፦ የሰው ግድያ ደረጃዎች በኢትዮጵያ ሕግ ታሪክ

ሰው በሰው እጅ ሲሞት ለሟች ቤተሰብ ሐዘኑ አንድ ነው። ልጇ በቂም ይገደል በድንገተኛ ጠብ፣ በጥይት ይሙት በዱላ፣ ለእናቲቱ ያው የማይመለስ ልጅ ነው። ሕግ ግን ይህን አንድ ሞት በልዩ ልዩ መዝገብ ይጽፈዋል። ዛሬ በሥራ ላይ ባለው በ1996 ዓ.ም. የወንጀል ሕግ መሠረት አንዱ ገዳይ በሞት ወይም በዕድሜ ልክ ጽኑ እስራት ይቀጣል፤ ሁለተኛው ከ5 እስከ 20 ዓመት በሚደርስ ጽኑ እስራት ይቀጣል፤ ሦስተኛው ደግሞ ከ5 ዓመት በማይበልጥ ቀላል እስራት ይታለፋል። ሦስቱም ሰው ገድለዋል፤ ሦስቱም አስበው ገድለዋል። በመካከላቸው ይህን ያህል ርቀት ያኖረው፣ እያንዳንዳቸው እጃቸውን ባነሡባት ሰዓት በልባቸው የነበረው ነገር ነው።

ይህ አከፋፈል ለዳኛው፣ ለዐቃቤ ሕጉና ለጠበቃው የዕለት መሣሪያ በመሆኑ ከየት እንደ መጣ እምብዛም አይጠየቅም። ይሁን እንጂ የአመጣጡ ታሪክ ለሥራችን የሚጠቅም ቁም ነገር አለው። በአገራችን በነፍስ ጉዳይ ሁለት ጥያቄዎች ከጥንት ጀምሮ ጎን ለጎን ሲጠየቁ ኖረዋል። አንደኛው፣ ገዳዩ ምን አስቦ ነበር የሚለው ነው። ሁለተኛው፣ ስለ ፈሰሰው ደም ለሟች ወገን ምን ይገባዋል የሚለው ነው። የመጀመሪያው ጥያቄ ከዘመን ወደ ዘመን እየጠራና እየረቀቀ ሄዶ ዛሬ ካለበት ደረጃ ደርሷል። ሁለተኛው ቀስ በቀስ ከሕግ መጽሐፍ ዳር እየተገፋ ወጥቷል፤ ከሕዝቡ ሕይወት ግን አልወጣም።

ደመኛና ደም መላሽ

በቀድሞው ዘመን ነፍስ ማጥፋት ከሁሉ አስቀድሞ የሁለት ወገኖች ጉዳይ ነበር። የሟች ዘመድ ለገዳዩ ደመኛ ነው፤ ደሙን መመለስ መብቱም ግዴታውም ነበር። ሳይመልስ ወይም ሳይካስ የቀረ ሰው በአገሩ ሸንጎ ቀና ብሎ መናገር ያፍር ነበር። የመንግሥት ድርሻ ይህ መብት በሥርዓት እንዲፈጸም ማድረግ ነበር። ገዳዩ ተይዞ ለዳኛ ይቀርባል፤ ጥፋቱ ሲረጋገጥ ለሟች ወገኖች ተላልፎ ይሰጣል፤ እነርሱም ወይ በእጃቸው ይገድሉታል፣ ወይ የደም ዋጋ ተቀብለው ነፍሱን ይምሩለታል። በ19ኛው መቶ ዓመት ወደ አገራችን የመጡ የውጭ አገር መንገደኞች ይህን ሥርዓት ደጋግመው ጽፈውታል። ከደመኛው እጅ ማምለጥ የቻለ ገዳይም እንደ አክሱም ጽዮን ወዳሉት ታላላቅ አድባራት ሸሽቶ ይማጸን ነበር። በመካከል ሽማግሌዎችና ካህናት እየተመላለሱ የሟችን ወገን ያግባባሉ፤ ገዳዩ ድንጋይ ተሸክሞ፣ ከመሬት ወድቆ ይቅርታ ይለምናል፤ ካሣው ይቆረጣል፤ መሐላው ይፈጸማል፤ ደሙ ደረቀ ይባላል። በኦሮሞ ሕዝብ ዘንድ ጉማ የሚባለው ሥርዓትም ዓላማው ይኸው ነው፤ የፈሰሰው ደም ሌላ ደም እንዳያፈስስ ማቆም።

በዚህ ሥርዓት ውስጥ የገዳዩ ሐሳብ ፈጽሞ አይመረመርም ነበር ማለት ስሕተት ይሆናል። ሽማግሌዎች ካሣውን ሲቆርጡ፣ ጠቡን የጀመረው ማን እንደሆነ፣ ሟች በግንባር ተገድሎ ወይም ተደብቆ ተመትቶ እንደሆነ መጠየቃቸው አይቀርም። ነገር ግን የክሱ መነሻ ደሙ ራሱ ስለሆነ፣ ያላሰበው ሞት በእጁ ላይ የደረሰበትን ሰው ነጻ ለማውጣት ምቹ በር አልነበረም። ይህን ችግር በሕዝብ ዘንድ የሚነገር አንድ የታወቀ ታሪክ ከማናቸውም ማብራሪያ በተሻለ ያሳየዋል። አንድ ሰው ፍሬ ሊለቅም ዛፍ ላይ ወጥቶ ሳለ ቅርንጫፉ ተሰብሮበት ከሥር ከነበረው ባልንጀራው ላይ ይወድቃል፤ ባልንጀራውም ይሞታል። የሟች ወገኖች ደም ካልተመለሰልን አሉ። ዳኛው ቢመክራቸው፣ ካሣ ውሰዱ ቢላቸው እንቢ አሉ። በመጨረሻም፣ እንግዲያው ገዳዩ ከዛፉ ሥር ይቁም፤ ከእናንተ አንዱ ደግሞ ዛፉ ላይ ወጥቶ ይውደቅበትና ይግደለው፤ ሲል ፈረደ። ከወገኖቹ መካከል ዛፉ ላይ የሚወጣ ታጣ፤ ነገሩም በዚህ በረደ።

ታሪኩ በልዩ ልዩ ዳኞችና ነገሥታት ስም ስለሚነገር በትክክል የተፈጸመበትን ቦታና ዘመን መፈለግ አያስፈልግም። ለሕግ ሰው ቁም ነገሩ ሌላ ነው። ዳኛው ሰውዬው አላሰበም፤ ስለዚህ በደለኛ አይደለም ብሎ ሊፈርድ አልቻለም፤ እንደዚያ ብሎ የሚፈርድበት አንቀጽ በእጁ አልነበረም። ስለዚህ ደም በደም የሚለውን ደንብ ቃል በቃል ፈጽሙት በማለት ደንቡን በራሱ ክብደት ጣለው። ፍርዱ ብልሃት የተሞላበት ነው፤ ነገር ግን የአንድ ሰው ነፍስ በዳኛው ብልሃት ላይ ተንጠልጥላ ነበር። እንደዚያ ያለ ዳኛ ያልገጠመው ስንቱ እንደሆነ ታሪኩ አይነግረንም። የግድያ ደረጃዎች በሕግ ተለይተው መጻፋቸው ጥቅሙ እዚህ ላይ ነው። ብልህ ዳኛ በዘዴ የሚያደርገውን ማናቸውም ዳኛ በሥልጣኑ እንዲያደርገው ያስችላል።

ፍትሐ ነገሥትና የፈቃድ ጥያቄ

አሳብን መለየት የሚያዝዝ የተጻፈ ሕግ ግን በአገሩ ጨርሶ አልጠፋም ነበር። ፍትሐ ነገሥት በ13ኛው መቶ ዓመት በግብፃዊው የሕግ ሊቅ በአስ-ሳፊ ኢብን አል-አሣል በዐረብኛ የተዘጋጀ ሲሆን፣ ወደ ግዕዝ የተመለሰው፣ በትውፊት እንደሚነገረው፣ በዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ ዘመን ነው። ከ51ዱ አንቀጾች 22ቱ ስለ ቤተ ክርስቲያን፣ የቀሩት 29ኙ ስለ ሥጋዊ ጉዳይ የሚናገሩ ናቸው፤ የነፍስ ግድያ ነገር የሚገኘው በ47ኛው አንቀጽ ነው።

መጽሐፉ የበቀለበት ትውፊት ወዶ የገደለንና ሳይወድ የገደለን አጥብቆ ይለያል። የኦሪት ሕግ ራሱ በዘኁልቊ 35ኛ ምዕራፍ ባለማወቅ ለገደለ ሰው ስድስት የመማፀኛ ከተሞችን ይወስናል። በዘዳግም 19ኛ ምዕራፍ እንጨት ሲቆርጥ ምሳሩ ከእጀታው ወልቆ ባልንጀራውን የገደለ ሰው በምሳሌነት ቀርቧል። በ4ኛው መቶ ዓመት የነበረው ቅዱስ ባስልዮስ ዘቂሣርያ ደግሞ በቀኖናዊ መልእክቶቹ ነገሩን ይበልጥ አጥርቶታል። ውሻን ወይም ዛፍን ለመምታት ድንጋይ ወርውሮ ሰው የገደለ ሳይወድ የገደለ ነው፤ ሰይፍ ወይም ምሳር አንሥቶ የመታ ወዶ የገደለ ነው፤ በጠብ መካከል ያለ ርኅራኄ የሰውን ክፉ ቦታ የመታ ደግሞ ወዶ ወደ መግደል ይቀርባል። ወዶ ለገደለ ንስሓው 20 ዓመት፣ ሳይወድ ለገደለ 10 ዓመት ነው። እዚህ ላይ ሁለት ነገር ልብ ሊባል ይገባል። አንደኛ፣ በሁለቱ ጫፎች መካከል ሌላ ደረጃ አለ። ሁለተኛ፣ ሐሳብ የሚታወቀው በተያዘው መሣሪያ፣ በተመታው የአካል ክፍልና በአመታቱ ሁኔታ ነው። የዘመናችን ችሎት ከሐኪም ማስረጃና ከምስክር ቃል ሐሳብን ለማግኘት የሚከተለው መንገድ ከዚህ ብዙ የራቀ አይደለም።

ይሁንና ፍትሐ ነገሥት በእያንዳንዱ የገጠር ችሎት የሚነበብ መጽሐፍ አልነበረም። ቋንቋው ግዕዝ፣ ትርጓሜውም የሊቃውንት ነው። በንጉሠ ነገሥቱ ዙፋን ችሎት ከባድ ጉዳይ ሲቀርብ ሊቃውንቱ መጽሐፉን ገልጠው ሕጉ እንዲህ ይላል ይሉ ነበር፤ ከዙፋኑ ርቆ ባለው አገር ግን ነፍስ በአብዛኛው የሚዳኘው በልማድ ነበር። ስለዚህ ለረጅም ዘመን የገዳዩን ልብ የሚመረምረው መጽሐፍና የሟችን ደም የሚቆጥረው ልማድ በአንድ አገር ሁለት ሆነው ኖሩ።

ከ1923 እስከ 1949

ሁለቱን ለማገናኘት የመጀመሪያው ዘመናዊ ሙከራ በ1923 ዓ.ም. የወጣው የወንጀለኛ መቅጫ ሕግ ነው። ይህ ሕግ መሠረቱን በፍትሐ ነገሥት ላይ አድርጎ፣ ቅጣት ከጥፋት ጋር መመዛዘን እንዳለበት በማሰብ የጥፋትን ደረጃዎች በአማርኛ በአንቀጽ ለያይቶ አስቀመጠ። ከጣሊያን ወረራ በኋላ በ1934 ዓ.ም. የወጣው የዳኝነት አስተዳደር አዋጅ ፍርድ ቤቶችን በየደረጃቸው ሲያቋቁም፣ የነፍስ ጉዳይ ከደመኛው እጅ ወጥቶ የመንግሥት ክስ ወደ መሆን ተሸጋገረ። ከዚያ ወዲህ ከሳሹ የሟች ወንድም መሆኑ ቀርቶ ዐቃቤ ሕግ ሆነ፤ ወንድሙ ለምስክርነት ካልተጠራ በስተቀር በችሎቱ አዳራሽ ተመልካች ነው።

ሦስቱ የታሰበ ግድያ ደረጃዎች ዛሬ በምናውቃቸው መልክ የገቡት ሐምሌ 16 ቀን 1949 ዓ.ም. በታወጀውና ከሚያዝያ 27 ቀን 1950 ዓ.ም. ጀምሮ በጸናው የወንጀለኛ መቅጫ ሕግ ነው። የረቂቁ አዘጋጅ ስዊሳዊው የሕግ ሊቅ ዣን ግራቨን ሲሆኑ፣ እ.ኤ.አ. በ1937 የጸደቀው የአገራቸው ሕግ አሻራ በግድያ ምዕራፍ ላይ ጎልቶ ይታያል። የስዊስ ሕግ ቁጥር 111 ስለ ተራው የታሰበ ግድያ፣ 112 ስለ ከባዱ፣ 113 በስሜት ግፊት ስለሚፈጸመው ይናገራል፤ የእኛ ሕግ ቁጥር 522፣ 523 እና 524 ያንኑ ሦስትነት ተከትለዋል። በአንድ ነገር ግን ሁለቱ ሕጎች ተለያዩ። የስዊስ ሕግ በሰላማዊው የወንጀል ሕግ ውስጥ የሞት ቅጣትን ሲሽር፣ የኢትዮጵያው ሕግ ለከባዱ ግድያ አስቀረው። ደም መመለስ ለዘመናት ሕግ በነበረበት አገር፣ መንግሥት ሰይፉን ከደመኛው እጅ ሲወስድ ሰይፉን ጨርሶ ሊሰብረው አልደፈረም ማለት ይቻላል።

በሌሎች አገሮች ሁኔታ ይህ ልዩነት ሌላ መልክ አለው። እንግሊዞች ለሁለቱ የግድያ ዓይነቶች ሁለት የተለያዩ ስሞች አሏቸው፤ መለያውም በጊዜ ብዛት ክፉ ሐሳብ አስቀድሞ መኖሩ ሆኖ ጸንቷል። በአማርኛ ግን ስሙ አንድ ነው፤ የሰው ግድያ። ደረጃውን የሚናገረው ቅጽሉ ነው፤ ከባድ፣ ተራ፣ ቀላል። ይህ የቋንቋ ነገር ብቻ አይደለም። የልጇ ገዳይ ጥፋተኛ የተባለው በቀላል የሰው ግድያ መሆኑን የምትሰማ እናት፣ ፍርድ ቤቱ የልጇን ሞት ቀላል እንዳለው አድርጋ ብትረዳው አይፈረድባትም።

ወሰኑ የት ላይ ነው

በ1996 ዓ.ም. የወጣው የወንጀል ሕግ ሦስቱን ደረጃዎች በአንቀጽ 539፣ 540 እና 541 እንዳሉ ተቀብሏቸዋል። አንቀጽ 539 ከባድ የሚለው፣ ገዳዩ አስቀድሞ ማሰቡ፣ ለመግደል ያነሣሣው ምክንያት፣ የተጠቀመበት መሣሪያ ወይም ዘዴ በተለየ ሁኔታ ጨካኝ፣ ነውረኛ ወይም አደገኛ መሆኑን ሲያሳይ ነው፤ ለግድያ ወይም ለውንብድና የተደራጀ ቡድን አባል ሆኖ፣ ወይም ሌላ ወንጀል ለመፈጸም ወይም ለመደበቅ የገደለም እንዲሁ። አንቀጽ 541 ደግሞ የአስገዳጅ ሁኔታን ወይም የሕጋዊ መከላከልን ወሰን አልፎ የገደለውን፣ እንዲሁም በከባድ ንቀት ተነሣሥቶ፣ በድንገተኛ ድንጋጤ ወይም በብርቱ ስሜት ተይዞ የገደለውን ይመለከታል፤ ስሜቱም ሁኔታው ሲታይ ሊረዱትና በመጠኑም ቢሆን ይቅር ሊሉት የሚቻል መሆን አለበት። ከሁለቱ ውጭ የሆነው ሁሉ በአንቀጽ 540 ይወድቃል።

በጽሑፍ ሲታይ ወሰኑ ግልጽ ነው፤ በችሎት ግን እንደዚያ አይደለም። ሁለት ጎረቤታሞች በድንበር ተጣሉ እንበል። አንዱ ሌላውን በሰው ፊት ያዋርደዋል፤ የተዋረደው ሰው እዚያው በያዘው ዱላ መትቶ ቢገድለው ጠበቃው 541ን ይጠቅሳል። ቤቱ ድረስ ሄዶ ጠመንጃ ይዞ ቢመለስስ? ሌሊቱን ሲብሰለሰል አድሮ በማለዳ ቢጠብቀውስ? ዱላው ሽጉጥ፣ ሰዓቱ ሌሊት ሲሆን ስሜት የሚባለው ነገር የት ላይ አብቅቶ ቂም የሚባለው የት ላይ ይጀምራል? የቅጣቱ አደረጃጀት ይህን ጥያቄ ይበልጥ ከባድ ያደርገዋል። የ541 ጣሪያ 5 ዓመት ነው፤ የ540 ወለልም 5 ዓመት ነው፤ እስራቱም በአንዱ ቀላል፣ በሌላው ጽኑ ነው። በሁለቱ መካከል የጋራ መሬት ስለሌለ፣ ዳኛው አንቀጹን ሲመርጥ ቅጣቱንም አብሮ መምረጡ ነው።

ከሁሉ የሚከብደው ግን የደም መላሹ ጉዳይ ነው። የወንድሙን ገዳይ ለዓመታት ሲፈልግ ኖሮ በገበያ ቀን አግኝቶ የገደለውን ሰው የቀድሞው ልማድ ግዴታውን የተወጣ ጀግና ይለው ነበር። በአሁኑ ሕግ ዓይን ያ ሁሉ ዓመት ዝግጅት ነው፤ ሰውየው ከከባዱ አንቀጽ ደጃፍ ላይ ቆሟል። የጥንቱ ሥርዓት መሣሪያውን ያስያዘውን እጅ የአሁኑ ሥርዓት ከሁሉ የከፋው እጅ ያደርገዋል። ሕጉ ይህን ማድረጉ ትክክል ነው፤ ደም መመለስ ካልቆመ ሕግ የለምና። ነገር ግን ሰውየው የሚያምንበትን ሳይጠይቅ የሚፈረድ ፍርድ ደም መመለስን አያስቆምም።

ደረጃዎቹ ከከባድ ወደ ቀላል በቀጥታ የሚወርዱ መሰላል ናቸው ብሎ ማሰብም አያስኬድም። በቸልተኝነት መግደልን የሚመለከተው አንቀጽ 543 ተራውን ቸልተኝነት ከ6 ወር እስከ 3 ዓመት በሚደርስ ቀላል እስራት ወይም በመቀጮ ይቀጣል። ሆኖም ጥፋተኛው በቸልተኝነቱ ሁለት ወይም ከዚያ በላይ ሰዎችን ከገደለ፣ ግልጽ የሆነን ደንብ ሆን ብሎ ከጣሰ፣ ወይም በመጠጥ ራሱን ስቶ ከሆነ፣ ቅጣቱ ከ5 እስከ 15 ዓመት ጽኑ እስራትና መቀጮ ይሆናል። እንግዲህ ሰክሮ መኪና እየነዳ ሰው የገደለ፣ ማንንም ለመግደል ሳያስብ፣ በስሜት ተነሣሥቶ አስቦ ከገደለው ሰው የበለጠ ይቀጣል ማለት ነው። ይህ የሚያሳየው ሕግ ልብን ብቻ መዝኖ እንደማያበቃ ነው። ኅብረተሰቡ የሚፈራውንም ይመዝናል፤ በዘመናችን ደግሞ ከሚፈሩት ነገሮች አንዱ መኪና ነው።

የተረሳው ጥያቄ

ወደ ሁለተኛው ጥያቄ እንመለስ። ለሟች ወገን ምን ይገባዋል? የአሁኑ ሥርዓት መልሱን ወደ ፍትሐ ብሔር መርቶታል። በ1954 ዓ.ም. የወጣው የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ ተበዳይ በዚያው በወንጀሉ ክስ ውስጥ ካሣ እንዲጠይቅ ይፈቅዳል፤ በተግባር ግን በዚህ በር የሚገባው ጥቂት ነው። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ ሟቹ ይረዳቸው የነበሩት ባል ወይም ሚስት፣ ወላጆችና ልጆች የኑሮ ካሣ እንዲያገኙ ያደርጋል። ለኅሊና ጉዳት ግን፣ ማለት ለሐዘኑ ለራሱ፣ በቁጥር 2116 የሚፈቀደው ካሣ ከ1,000 ብር አይበልጥም። ይህ ጣሪያ ሲወሰን የነበረው ብርና የዛሬው ብር በስም እንጂ በአቅም አንድ አይደሉም፤ ቁጥሩ ግን እንዳለ ነው።

እንግዲህ በአንድ በኩል የገዳዩን ልብ በሦስት ደረጃ እየመዘነ ከ5 ዓመት እስራት እስከ ሞት የሚያደርስ ረቂቅ ሕግ አለ፤ በሌላ በኩል ለእናት እንባ የተቆረጠ 1,000 ብር አለ። በየገጠሩ ፍርድ ቤት ከፈረደ በኋላም ሽማግሌዎች ተቀምጠው ደም የሚያደርቁት ለምን እንደሆነ ከዚህ ይገባናል። ገዳዩ የተፈረደበትን ዓመት ታስሮ ሲወጣ ለመንግሥት ያለበትን ዕዳ ከፍሏል፤ ለሟች ወንድም ግን ገና ደመኛው ነው። ፍርዱ ቀላል በሚለው ቃል የተጻፈ እንደሆነ ቂሙ የባሰ ይሆናል። እርቁ ያልተፈጸመበት መዝገብ በችሎት ቢዘጋም በአገር ቤት ክፍት ነው፤ አንዳንዴም የሚዘጋው በሌላ የግድያ መዝገብ ነው።

ሕጋችን ለዚህ የተዋቸው ጠባብ በሮች አሉ። በአንቀጽ 82 መሠረት የእውነት ጸጸትና ለተበዳዩ ካሣ ማቅረብ ቅጣት ከሚያቀሉት ምክንያቶች መካከል ይቆጠራሉ፤ ስለዚህ የሽማግሌዎች እርቅ በችሎት ፊት ዋጋ አለው። እርቁ ግን ደረጃውን ሊለውጠው አይገባም። ከባዱ ግድያ በካሣ ብዛት ተራ ከሆነ፣ ሀብታም ገዳይና ድሃ ገዳይ በሁለት ሕግ ተዳኙ ማለት ነው፤ ያም የደም ዋጋ ዘመን ዋናው ጉድለት ነበር። ደረጃው በልብ ይወሰን፤ በደረጃው ውስጥ ያለው ቅጣት እርቁንም ይመልከት።

ከዚህ ታሪክ ለሙያችን የሚቀረው ሥራ ሦስት ይመስለኛል። ዐቃቤ ሕግ የሟች ቤተሰብ በዚያው መዝገብ ካሣ ሊጠይቅ እንደሚችል ከክሱ መጀመሪያ ጀምሮ ይንገራቸው። ሕግ አውጪው የ1,000 ብሩን ጣሪያ ዳግመኛ ይመልከት። ዳኛውም 539ን፣ 540ን ወይም 541ን ሲመርጥ ለምን እንደ መረጠ በፍርዱ ውስጥ አስፍቶ ይጻፍ፤ መሣሪያውን፣ ሰዓቱን፣ የጠቡን አመጣጥ፣ የተከራካሪዎቹን ክርክር። ያ የዛፉ ዳኛ ምክንያቱን መናገር አላስፈለገውም፤ ፍርዱን የሰማ ሁሉ ምክንያቱን አይቶታል። የዛሬው ዳኛ የሚፈርደው በቁጥር ነው፤ ቁጥሩን የሟች እናትም የገዳዩ እናትም እንዲረዱት የሚያደርገው ከቁጥሩ ሥር የሚጽፈው ምክንያት ብቻ ነው።